ከደመና በላይ ለሚኖር ሕዝብ ፊደል መፍጠር

ደሴቶች በደመና ላይ በሚንሳፈፉበት የምናብ ዓለም፣ ደራሲው ለነዋሪዎቹ ክንፍ ወይም መርከብ ከሰጠ በኋላ ብዙ ሳይቆይ ፊደል ይሰጣቸዋል። በከተማይቱ በር ላይ እንግዳ ጽሑፍ ይቀረጻል፣ በካርታው ጠርዝም ያው ጽሑፍ ይደገማል፤ አንባቢውም ከምድር ርቆ የሄደ ይመስለዋል። ይሁን እንጂ አንድ ትጉ አንባቢ ምልክቶቹን ቆጥሮ 26 ብቻ መሆናቸውን ካየ፣ ደጋግሞ የሚመጣውንም ምልክት በእንግሊዝኛ ጽሑፍ ከሁሉ በሚበዛው «ኢ» በሚባለው ፊደል ተክቶ ከሞከረ፣ በአንድ ምሽት ሥራ በሩ ላይ ያለው ጽሑፍ ተራ የእንግሊዝኛ ዓረፍተ ነገር ሆኖ ይገለጥለታል። በአማርኛም ነገሩ ያው ነው። ሠላሳ ሦስቱን ፊደላት በሰባት በሰባት ደርድሮ ለእያንዳንዳቸው አዲስ ቅርጽ መሣል ከባድ አይደለም፤ የሚገኘው ግን ጭንብል ያጠለቀ ሀሁ ነው።

እንዲህ ያለው ሥራ ምስጢር ለመደበቅ ይጠቅም ይሆናል፤ የጽሕፈት ሥርዓት ግን አይባልም። የጽሕፈት ሥርዓት ማለት አንድ ሕዝብ ከንግግሩ ውስጥ የትኛውን ክፍል በምልክት እንደሚይዝ፣ በምን ላይና በምን መሣሪያ እንደሚጽፍ፣ ከየት ጀምሮ ወዴት እንደሚያነብ የወሰናቸው ውሳኔዎች ድምር ነው። የፊደሎቹ መልክ ከእነዚህ ውሳኔዎች ይወለዳል እንጂ ውሳኔዎቹ ከመልኩ አይወለዱም። ስለዚህ ለሰማይ ነዋሪዎች ፊደል ልፍጠር ብሎ የሚነሣ ሰው እርሳሱን አስቀምጦ በሌሎቹ ጥያቄዎች መጀመር ይኖርበታል፤ ይህ ጽሑፍም በዚያው ቅደም ተከተል ይሄዳል። (ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዓመቶች በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ለሰማይ ሰዎች ፊደል መፍጠር አዲስ ነገር አይደለም። እንግሊዛዊው የሒሳብ ሊቅና የቀዳማዊት ንግሥት ኤልሳቤጥ አማካሪ ጆን ዲ፣ ከባልደረባው ከኤድዋርድ ኬሊ ጋር ሆኖ በ1580ዎቹ የመላእክት ቋንቋ ነው ያለውን መዝግቦ ነበር። ከቀኝ ወደ ግራ የሚነበቡ 21 ፊደላት አሉት። ዲ ይህን ቋንቋ የአዳም ቋንቋ ነው ብሎ ያምን ነበር፤ ከሰዎች መጨረሻ የሚያውቀውም ሄኖክ እንደነበረ ጽፏል። ከብዙ ዘመን በኋላ አውስትራሊያዊው የቋንቋ ሊቅ ዶናልድ ሌይኮክ በ1978 በታተመ ሥራው መዝገቡን ሲመረምር፣ የድምፆቹ አነባበብም ሆነ የዓረፍተ ነገሩ አወቃቀር ከእንግሊዝኛ እምብዛም ያልራቀ መሆኑን አሳየ። ከሰማይ መጣ የተባለው ቋንቋ የጸሐፊዎቹን አፍ ይዞ ነበር። ሰው አዲስ ቅርጽ መሣል ቢችልም ከገዛ ቋንቋው ልማድ ለመውጣት ልዩ ጥረት እንደሚያስፈልገው ከዚህ የተሻለ ማስረጃ አላውቅም።

የሄኖክ ስም በተነሣበት፣ ለአማርኛ አንባቢ ሊነገር የሚገባው አንድ ነገር አለ። መጽሐፈ ሄኖክ ሙሉ ሆኖ የተረፈው በግዕዝ ብቻ ነው፤ ስኮትላንዳዊው ተጓዥ ጀምስ ብሩስም ቅጂዎቹን ከኢትዮጵያ ይዞ አውሮፓ የገባው በ1773፣ ዲ ከሞተ ከመቶ ስልሳ ዓመት በላይ ቆይቶ ነው። ዲ ሲናፍቀው የኖረው መጽሐፍ ሄኖክን «ጸሓፊ» ይለዋል፣ በሰማይ ስላለ ጽላትም ይናገራል፤ ከወደቁት መላእክት አንዱ ለሰው ልጆች በቀለምና በወረቀት መጻፍን አስተማረ ብሎም ይህን እንደ ጥፋት ይቆጥርበታል። የሰማይና የጽሕፈት ዝምድና በእኛ መጻሕፍት ውስጥ የቆየ ሐሳብ ነው፤ በአማርኛ የምናብ ታሪክ የሚጽፍ ሰው ከሩቅ አገር ሊበደረው አይገባም።

አሁን ወደ መጀመሪያው ጥያቄ እንምጣ፤ በምን ላይ ይጻፋል? የምድራችን ፊደላት መልካቸውን ያገኙት በአብዛኛው ከዚህ ነው። በመስጴጦምያ የነበረው እርጥብ ሸክላና የተቆረጠ ሸምበቆ ስለነበር ጽሑፉ ሽብልቅ ሽብልቅ ሆነ፤ እርጥብ ጭቃ ላይ ክብ መሥራት አስቸጋሪ ነውና። በደቡብና በደቡብ ምሥራቅ እስያ በዘንባባ ቅጠል ላይ በሹል ብረት ሲጻፍ ቀጥ ያለ ረጅም መስመር ቅጠሉን በጭረቱ ስለሚሰነጥቀው፣ የበርማና የህንዱ ኦዲያ ፊደላት ክብ ክብ ወደመሆን እንዳደሉ በሰፊው ይነገራል። በአየርላንድ ከአራተኛው መቶ ዓመት ጀምሮ በድንጋይ ላይ የተቀረጸው ኦጋም ደግሞ ገጽ እንኳን አላስፈለገውም፤ የድንጋዩን ጠርዝ እንደ መስመር ወስዶ በግራ፣ በቀኝና በላዩ ከአንድ እስከ አምስት ጭረት በመቁረጥ 20 ፊደላትን ይጽፋል፣ ንባቡም ብዙውን ጊዜ ከታች ወደ ላይ ነው። በፊሊፒንስ ሀኑኖዎች በቀርከሃ ላይ በቢላዋ ሲጽፉ ቢላዋውን ከሰውነታቸው ወደ ውጭ ስለሚገፉ እነርሱም ከታች ወደ ላይ ይጽፋሉ። የእኛም ግዕዝ ፊደል ወፍራምና ቀጭን እየሆነ የሚወርደው በመቃ ብዕር አፍና በፍየል ወይም በበግ ቆዳ ምክንያት ነው።

በደመና ደሴት ላይ ከእነዚህ ሁሉ የትኛው አለ? ከራስ ደጀን ጫፍ አንድ ሺህ ሜትር ያህል ወጣ ብሎ፣ በ5,500 ሜትር ከፍታ ላይ ያለች ደሴት እናስብ። የአየሩ ግፊት በባሕር ወለል ካለው ወደ ግማሽ ወርዷል፤ ሙቀቱም በአማካይ በየ1,000 ሜትሩ 6.5 ዲግሪ ሴንቲግሬድ እየቀነሰ ስለሚሄድ በውኃ የተበጠበጠ ቀለም ሌሊቱን በቀንዱ ውስጥ ይረጋል። ድንጋዩ የደሴቲቱ ገላ ነው፤ ከእርሱ መቁረጥ ከቤት ምሰሶ እንደመቁረጥ ነው። ሸክላ ከባድ ነው፣ ከደሴት ወደ ደሴት የሚበር መልእክተኛም ክብደት አይወድም። የቀረው ላባ፣ አጥንት፣ ጠጉርና ገመድ ነው። ገመድ ግን እንዲያው የቀረ ነገር አይደለም፤ በእንዲህ ያለ አገር ድልድዩም፣ መልሕቁም፣ የሕፃን ማዘያውም ገመድ ነው። ገና አምስት ዓመት ያልሞላው ልጅ ቋጠሮ ያውቃል። ስለዚህ የእነዚህ ሰዎች ጽሕፈት ከቋጠሮ ቢጀምር ተገቢ ነው እላለሁ።

ቋጠሮ ሐሳብ ሊይዝ እንደሚችል በደቡብ አሜሪካ የነበሩት ኢንካዎች አሳይተዋል። ኪፑ የሚባለው መዝገባቸው አንድ ዋና ገመድና ከእርሱ የሚንጠለጠሉ ብዙ ክሮች አሉት። ቁጥሮቹ የሚመዘገቡት በቋጠሮው ዓይነትና በሚታሰርበት ከፍታ ነው፤ አንዶች ከክሩ ጫፍ አጠገብ፣ አሥሮች ከእነርሱ በላይ፣ መቶዎች ወደ ዋናው ገመድ ቀረብ ብለው ይታሰራሉ፤ ባዶ የተተወ ቦታ ደግሞ ዜሮ ነው። ከኪፑ የምንወስደው ትልቅ ትምህርት ይህ ነው፤ በክር ላይ ቋጠሮ ብቻ ሳይሆን ቋጠሮው ያለበት ቦታም ይነበባል። ይህንን ሐሳብ ለቁጥር ሳይሆን ለድምፅ ብንጠቀምበትስ?

ድምፅን በምልክት ለመያዝ ዓለም የሄደባቸው መንገዶች ጥቂት ናቸው። ቻይናዎች ምልክቱን ትርጉም ላለው የቃል ክፍል ሰጡ፤ ግሪኮችና ሮማውያን ተነባቢንና አናባቢን ለየብቻ ጻፉ፤ ዓረቦችና ዕብራውያን ተነባቢውን ጽፈው አብዛኛውን አናባቢ ለአንባቢው ተዉለት። አራተኛው መንገድ የእኛ ነው፤ ተነባቢው መሠረታዊ ቅርጽ ይኖረውና አናባቢው በዚያው ቅርጽ ላይ በሚደረግ ለውጥ ይታወቃል። «ለ» ወገቧ ላይ ቅጥያ ስትጨምር «ሉ»፣ እግሯ ላይ ስትጨምር «ሊ»፣ ቀኝ እግሯ ሲረዝም «ላ»፣ እግሯ ላይ ቀለበት ሲታሰር «ሌ» ትሆናለች። አሜሪካዊው የጽሕፈት ተመራማሪ ፒተር ዳንኤልስ በ1990 ለዚህ ዓይነት ሥርዓት ሁሉ መጠሪያ ሲፈልግ የመረጠው «አቡጊዳ» የሚለውን የእኛኑ ቃል ነው፤ የህንድና የታይላንድ ፊደላት ዛሬ በዓለም የጽሕፈት ጥናት በዚህ ስም ይጠራሉ። አናባቢን በቦታ የማወቅ ልማድ ያለው አንባቢ የቋጠሮ ፊደልን ሐሳብ በቀላሉ የሚይዘው ለዚህ ነው።

የሚቀጥለው እርምጃ ድምፆቹን ማወቅ ነው። አንባቢው አንድ ነገር እንዲሞክር እለምነዋለሁ፤ አፍንጫውን በሁለት ጣቱ ይያዝና «ማማ» ይበል። የሚወጣው ድምፅ «ባባ» ወደሚለው ይጠጋል። «ና» ብሎ ቢሞክርም «ዳ» ይቀርበዋል። ምክንያቱ «መ» እና «በ» ሁለቱም በከንፈር የሚዘጉ ሆነው የሚለያዩት የመጀመሪያው ትንፋሹን በአፍንጫ ስለሚለቅ ብቻ በመሆኑ ነው። ተነባቢዎች እንዲህ ሁለት መታወቂያ አላቸው፤ በአፍ ውስጥ የት እንደሚሠሩና እንዴት እንደሚሠሩ።

ይህን ዝምድና በፊደል መልክ ላይ ያሳዩ ሥርዓቶች አሉ። የኮሪያው ንጉሥ ሴጆንግ በ1443 አዘጋጅቶ በ1446 ያሳወጀው ፊደል 28 ምልክቶች ነበሩት፤ የ«ን» ምልክት የምላስ ጫፍ ወደ ላይ ሲታጠፍ የሚያሳየውን ቅርጽ፣ የ«ም» ምልክት የአፍን ቅርጽ ይዟል፣ ድምፁ ሲጠነክርም በምልክቱ ላይ ጭረት ይጨመራል። የአናባቢዎቹ መነሻ ደግሞ ክብ ነጥብ፣ አግድም መስመርና ቋሚ መስመር ሲሆን ሰማይን፣ ምድርንና ሰውን ይወክላሉ። በምናብ ሥራ ውስጥ ይህን መንገድ የተከተለው እንግሊዛዊው ደራሲ ቶልኪን ለምናብ ዓለሙ የፈጠረው ቴንግዋር የተባለ ፊደል ነው፤ ፊደሉ ቋሚ ግንድና ክብ ቀስት ሲኖረው፣ ግንዱ ወደ ላይ ወይም ወደ ታች መውጣቱና ቀስቱ ነጠላ ወይም ድርብ መሆኑ ድምፁ እንዴት እንደሚሠራ ይናገራል። ቶልኪን የቋንቋ ሊቅ ነበርና ጭንብል አልሠራም። ከቤታችንም ምሳሌ አለ፤ አማርኛ ግዕዝ የማያውቃቸውን ድምፆች ሊጽፍ በፈለገ ጊዜ «ሰ»ን አናቷ ላይ ሰረዝ ጨምሮ «ሸ»፣ «ተ»ን «ቸ»፣ «ነ»ን «ኘ»፣ «ደ»ን «ጀ»፣ «ጠ»ንም በሌላ ምልክት «ጨ» አደረገ። በሁሉም ጥንዶች የሆነው ነገር አንድ ነው፤ ምላስ ከጥርስ ወደ ላንቃ ሸሸ። ይህን ያደረጉት ጸሐፍት ስማቸው አልተረፈም እንጂ ጆሯቸው ድንቅ ነበር።

እንግዲህ ገመዱን እንሥራ። የሰማይ ነዋሪዎቻችን ቋንቋ ዘጠኝ ተነባቢና ሦስት አናባቢ ይኑረው፤ ይህ ያነሰ ለሚመስለው፣ የሃዋይ ቋንቋ ስምንት ተነባቢ ብቻ እንዳለው፣ የኢንካዎቹ ኬችዋም በሦስት አናባቢ እንደሚናገር ላስታውስ። ዋናው ገመድ ተወጥሮ ይታሰራል፤ ከእርሱ የሚወርደው እያንዳንዱ ክር አንድ ተነባቢን ከነአናባቢው ይይዛል። ድምፁ በከንፈር የሚሠራ ከሆነ በክሩ ላይ ነጠላ ቋጠሮ፣ በጥርስ አካባቢ ከሆነ ድርብ ቋጠሮ፣ በጉሮሮ በኩል ከሆነ ማነቆ ይታሰራል። ክሩ ነጠላ ከሆነ ትንፋሹ ተዘግቶ ይፈነዳል፤ ጥንድ ከሆነ በአፍንጫ ይወጣል፤ የተገመደ ከሆነ እየተፋተገ ያልፋል። «ባ»፣ «ማ» እና «ፋ» እንግዲህ አንድ ቋጠሮ ሲኖራቸው ክራቸው ይለያያል፤ «ዳ»፣ «ና» እና «ሳ»ም እንዲሁ። ከ«ጋ» ጋር በጉሮሮ በኩል የሚሠራው የአፍንጫ ድምፅ ለእኛ የራሱ ፊደል የለውም እንጂ ባዕድ አይደለም፤ «አንገት» ስንል «ን» ወደ ኋላ ሸሽታ የምትሰጠው ድምፅ ነው። አናባቢው በከፍታ ይታወቃል፤ መንጋጋ ከሁሉ ይልቅ የሚወርድለት «ኣ» በክሩ ጫፍ፣ «ኡ» በወገቡ፣ «ኢ» ከዋናው ገመድ አጠገብ ይቋጠራል። አናባቢ የማይከተለው ተነባቢ ክር አይሰጠውም፤ በዋናው ገመድ ላይ እዚያው ይታሰራል። በዚህ በኩል ሥርዓቱ ከእኛ ይሻላል፤ ሳድሳችን አንዳንዴ ይነበባል አንዳንዴ ይዋጣል፣ አንባቢውም በልምድ ያውቀዋል።

ይህንን በወረቀት ላይ ብቻ ትቼው አልቀረሁም። በሲባጎ ሠርቼ ከወንበር መደገፊያ ላይ ወጥሬ «ማማ» እና «ባዳ» የሚሉትን ቃላት ጻፍሁና ዓይኔን ጨፍኜ በጣቴ ለማንበብ ሞከርሁ፤ የደመና አገር ሰው በጭጋግ ውስጥ ማንበብ አለበትና። ክሮቹን በመጀመሪያ በአራት ጣት ልክ ቆርጬያቸው ስለነበር ወገብና ጫፍ ተምታቱብኝ፣ «ዳ»ን «ዱ» ብዬ አነበብሁ። አንድ ስንዝር ሳደርጋቸው ስሕተቱ ቀረ። ከዚህ ሙከራ ያልጠበቅሁት ሌላ ነገር ተገኘ። «ማማ» የተጻፈበት ጥንድ ክር ከሁለቱም ላይ አንድ አንዱ ቢበጠስ ቃሉ «ባባ» ይሆናል። በቀለም የሚጽፍ ሕዝብ የማያውቀው፣ ክርን የሚያሳሳው ነፋስ ብቻ የሚያመጣው የንባብ ስሕተት ነው። ውል ሲፈርስ፣ የኑዛዜ ቃል ሲያከራክር፣ የአንድ ትውልድ መዝሙር ቃሉ ሲለወጥ ታሪኩ ከፊደሉ ውስጥ ይወጣል፤ ደራሲው ከውጭ ሊያመጣው አይገደድም።

በሸለቆ ማዶ ለማዶ ስለሚደረግ ንግግርም በአጭሩ ልናገር። በካናሪ ደሴቶች ላ ጎሜራ ላይ ሰዎች ስፓንኛን በፉጨት ይናገራሉ፣ ድምፁም ኪሎ ሜትሮችን ያቋርጣል፤ ዩኔስኮም በ2009 በማይዳሰስ ቅርስነት መዝግቦታል። በደሴቶች መካከል ባዶ አየር ብቻ ያለው ሕዝብ እንዲሁ ቢያደርግ አይደንቅም። በፉጨት ግን የድምፅ ከፍታ ትርጉም ይሸከማልና ጽሕፈቱ ያንን መያዝ ይኖርበታል። የቅዱስ ያሬድ ዜማ መጻሕፍት ከቃሉ በላይ በተጻፉ ጥቃቅን ምልክቶች ድምፁ የሚሄድበትን መንገድ እንደሚያሳዩ ሁሉ፣ በገመዱም ላይ ከፍ ብሎ በሚፋጨው ድምፅ ቋጠሮ ውስጥ አንዲት የላባ ጭራ ብትገባ በቂ ነው።

እስካሁን የሠራነው ሥርዓት ግን አንድ ጉድለት አለበት፤ እርሱም ጉድለት የሌለበት መሆኑ ነው። ሰዎች ለብዙ ዘመን የተጠቀሙበት ፊደል ሁሉ ጠባሳ ይይዛል። እኛ «ሀ»ን፣ «ሐ»ን እና «ኀ»ን፣ «ሰ»ን እና «ሠ»ን፣ «አ»ን እና «ዐ»ን፣ «ጸ»ን እና «ፀ»ን ይዘን የምንኖረው በግዕዝ ዘመን የተለያዩ ድምፆች ስለነበሩ ነው፤ በአማርኛ ድምፆቹ አንድ ሲሆኑ ፊደሎቹ ተረፉ፣ «ፀሐይ» የሚለውን ቃል ሰዎች በብዙ ዓይነት የሚጽፉትም በዚህ ምክንያት ነው። በሌላ በኩል የሚጠብቀውን ድምፅ አንጽፍም፤ «ገና» የሚለውን አይቶ በዓሉ ይሁን ያልደረሰ ነገር የሚያውቀው አንባቢው ከዐውዱ ነው። ስለዚህ ለሰማይ ነዋሪዎችም አንድ አሮጌ ቋጠሮ ሊተረፍላቸው ይገባል፤ ድምፁ ከጠፋ ዘመን የተቆጠረ፣ ነገር ግን በአያት ስሞችና በመቃብር ገመዶች ላይ ብቻ አሁንም የሚታሰር። ልጆች «ለምን?» ብለው ይጠይቃሉ፣ መምህሩም «እንዲህ ነው የሚታሰረው» ይላቸዋል።

መልክ የሚመጣው አሁን ነው። ደሴቶቹ ከምድር ሰዎች ጋር መነገድ ከጀመሩ ብራናና ቀለም ያገኛሉ፤ ጸሐፊዎቻቸውም በብራናው ላይ የሚሥሉት የለመዱትን ገመድ ይሆናል። ዋናው ገመድ አግድም መስመር ሆኖ ፊደሎቹ ሁሉ ከእርሱ ይንጠለጠላሉ፤ ሂንዲ የሚጻፍበት ዴቫናጋሪም በአናቱ እንዲህ ያለ መስመር ስላለው ለዓይን እንግዳ አይሆንም። ክሩ ቋሚ ጭረት፣ ጥንዱ ክር ሁለት ጭረት፣ የተገመደው ክር ሞገድ ይሆናል፤ ነጠላው ቋጠሮ ነጥብ፣ ድርቡ ሁለት ነጥብ፣ ማነቆው ቀለበት። «ማማ» እንግዲህ ከአንድ አግድም መስመር የወረዱ ሁለት ጥንድ ጭረቶች ሲሆን ከእያንዳንዱ ጥንድ እግር ላይ አንድ ነጥብ ተቀምጧል።

ይህን በኮምፒውተር ላይ ለማስገባት ለሚፈልግ ሰው መንገዱ ክፍት ነው። የዓለም ፊደላት በኮምፒውተር የሚመዘገቡበት ሥርዓት የሆነው ዩኒኮድ የእኛን ፊደል በ1999 በሦስተኛው ዕትሙ የተቀበለ ሲሆን፣ ማንም ለራሱ እንዲጠቀምባቸው የተተዉ 6,400 ቦታዎችንም በመሠረታዊው ሰንጠረዥ ውስጥ ይዟል። ለቋጠሮው ፊደል የሚያስፈልጉት የክፍለ ድምፅ ምልክቶች 27 ናቸው፤ ሦስት ቋጠሮ በሦስት ክር በሦስት ከፍታ። ቅርጹን የሚሥለው ሰው ግን 27 ሥዕል መሥራት አይጠበቅበትም፤ ሦስቱን ክሮችና ሦስቱን ቋጠሮዎች ሥሎ ሦስቱን ከፍታዎች ከለካ የቀረው መገጣጠም ብቻ ነው። ለብቻው በእጅ የሚሣለው ያ ድምፁ የጠፋው የመቃብር ቋጠሮ ነው፤ ከሌሎቹ ጋር በምንም አይገጥምምና።